የዘቢደር ዳግም

እስከ ሰባት ዓመቴ ድረስ ዳግም የሚባል ወንድም ነበረኝ። አይቼው ግን አላውቅም።

ይኖር የነበረው ከግቢያችን ጥግ፣ ግድግዳዋ በባሕር ድንጋይ በተሠራ፣ መስኮት በሌላት ጓዳ ውስጥ ነው። በሽተኛ ነበር። ትኩሳት አይለቀውም። እናቴ ጠዋት በሩን ከፍታ በገባች ቁጥር፣ «ዳግም ሞቆታል! ውኃ በሉ፣ ቶሎ!» ስትል እሰማለሁ። የእናቴ ረዳት፣ የግቢያችን ወሬም ሳቅም የሆነችው ፋናዬ እርጥብ ጆንያ ትከሻዋ ላይ ጥላ ትሮጣለች። የባሰበት ቀን ደግሞ ውኃ ሻጩ ባሺር ከወደቡ አጠገብ ካለው ፋብሪካ በረዶ በአህያው ጭኖ ይመጣለታል። እኛ በወበቁ ቆዳችን ተልጦ፣ ለእኔ አንዲት ፍንጣሪ እንኳ ሳይደርሰኝ፣ በረዶው ሁሉ ለዳግም ይገባል። አልተቀየምኩትም። ለታመመ ሰው ማን ይቀየማል?

የሚያስደነግጠኝ ሌላ ነገር ነበር። «አፉን በደንብ ምረጊው፣ ትንፋሽ እንዳያመልጠው!» ትላለች እናቴ። ፋናዬም ሊጥ በእጇ ይዛ ትገባለች። እኔ ከውጭ ሆኜ የራሴን አፍ በሁለት እጄ እሸፍንና፣ እስከ መቼ እንደምችል ለማየት ትንፋሼን እይዝ ነበር።

ይህን የሚያነብ ጠጪ ካለ እስካሁን ስቆብኛል። ዳግም ሰው አይደለም፤ አረቄ ነው። አንዴ የወጣው አረቄ እንደገና ጋን ውስጥ ገብቶ፣ እንደገና ፈልቶ፣ እንፋሎቱ በመቃ አልፎ ሲቀዘቅዝ ጠብ ጠብ እያለ የሚወርደው ኃይለኛው መጠጥ ዳግም ይባላል። ደጋ ላይ እንፋሎቱን ለማቀዝቀዝ የምንጭ ውኃ ይበቃል። ጅቡቲ ግን ውኃው ራሱ ካልቀዘቀዘ የማያቀዘቅዝበት አገር ነው። ጆንያውም፣ በረዶውም፣ ሩጫውም ለዚሁ ነበር። የጋኑ አፍ በሊጥ ካልተመረገ ደግሞ ትንፋሹ ያመልጣል፤ እኛ ቤት ያመለጠ ትንፋሽ ያመለጠ እንጀራ ነው።

ነገሩን የጀመረችው አያቴ ዘቢደር ናት። ሐዲዱ ከባሕሩ ተነስቶ ወደ በረሃው መዘርጋት በጀመረበት ዘመን፣ ባሏን ተከትላ ከአንኮበር ወረደች። ባሏ ሐዲድ ሲያነጥፍ ንዳድ ገደለው። መመለሻ አጥታ ቀረች ይላሉ ሰዎች። እናቴ ግን ይህን ስትሰማ ትቆጣለች፤ «መመለሻማ ነበራት፣ መመለስ አልፈለገችም እንጂ!» ትላለች። ዘቢደር በግመል የሚወርድላት ጌሾና ብቅል፣ ከከተማው ዳር ከአምቡሊ የምትሸምተው ቴምር፣ አንድ መቃና አንድ ጋን ነበራት። ጋኑ ሳይሰበር ያን በረሃ እንዴት እንደተሻገረ እግዜር ይወቀው። ጭድ ውስጥ ቀብራ፣ ግመሉን አላምን ብላ በሰው ትከሻ አስመጣችው ይባላል። በቴምር አረቄ ማውጣት ነውር ነው ብለው የሳቁባት ያገሯ ሰዎች ሲቀምሱት ሳቁን ተዉት። በእኔ ልጅነት የዘቢደር ዳግም ከወደቡ እስከ ድሬዳዋ ስም ነበረው። የመርከብ ሰዎች ስሙን እያጣመሙ ይጠይቁታል፤ ክርስትና ያለሱ አይነሳም፤ ጥርስ ያመመው ይጉመጠመጥበታል። አያቴ እኔ ሳልወለድ ስትሞት ሥራው ለእናቴ ለአበዛሽ ቀረ። እናቴም የእናቷን ስም እንደ ታቦት ነበር የምትጠብቀው።

እኔ ይህን ሁሉ አላውቅም። የማውቀው ወንድሜን ነው።

ያኔ ሰፈራችን ቁጥር አልነበረውም፤ አሁን ካርቲየ 3 ይሉታል። ከምሳ በኋላ ከተማው ይተኛል። ሶማሌው፣ ዓረቡ፣ ፈረንጁ፣ አህያው ሳይቀር ይተኛል። ነጭ ብርሃን በግቢው ላይ ይፈስና ነገር ሁሉ ጠርዙን ያጣል፤ የባሕሩ ጨው ሽታና የዳግም ሽታ ይቀላቀላሉ። የዳግም ሽታ ጣፋጭ ነው፣ ትንሽ ያቃጥላል፣ ዓይን ያከብዳል። ያን ጊዜ ተነስቼ ጓዳው በር ሥር እጋደማለሁ። ጆሮዬን ስጥል ውስጥ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ ይላል። እያለቀሰ ነው እላለሁ። «አይዞህ» እለዋለሁ በስንጥቁ። ከቁርሴ የደበቅኳትን ቴምር ከበሩ ሥር እገፋለታለሁ። በማግስቱ ስመጣ ቴምሯ የለችም። መብላቱ ደስ ይለኛል፤ ቶሎ ይድናል ማለት ነው። ፋናዬ ካረጀች በኋላ እየሳቀች እንደነገረችኝ፣ ጠዋት ስትጠርግ እያገኘቻቸው ድፍድፉ ውስጥ ትጨምራቸው ኖሯል።

አንድ ቀን በስንጥቁ ሰማያዊ እሳት አየሁ። እናቴ ጎንበስ ብላ በሲኒ ላይ ለኩሳዋለች፤ ጭስ የለው፣ ድምፅ የለው፣ ዝም ብሎ ይነዳል። «ጠራ!» አለች ፋናዬ። «ንጹሕ ነው እትዬ፣ እንከን የለውም።» የወንድሜን ነፍስ አውጥተው እያዩዋት እንደሆነ ገባኝ። ንጹሕ መሆኑን በመስማቴ ኮራሁ። የአረቄን ጥንካሬ በእሳት መፈተን የቆየ ነገር ነው፤ ይሄኛውን ለማወቅ ግን ብዙ ዓመት ፈጀብኝ።

ደጅ የሚመጣው ሰው ሁሉ ስለሱ ነበር የሚጠይቀው። «ዳግም እንዴት ነው ዛሬ?» ይላል። «ዛሬስ ደህና ወጥቷል» ትላለች እናቴ። እኔ ወጥቷል ሲሉ ሰምቼ ግቢውን እዞራለሁ፣ ከበርሜሉ ጀርባ፣ ከጎረቤታችን ከሐምዲያ አጥር ሥር፣ የት እንደሄደ እፈልጋለሁ። ስመለስ ፋናዬ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ትጠብቀኛለች። «እሽሽ! ዳግም ተኝቷል፤ ከዚህ በር ድርሽ እንዳትዪ!» ከእሳቱ ልታርቀኝ ብላ ነው። እሷ የተናገረችውን በአንድ ጊዜ ረሳችው፤ እኔ ግን ከዚያ ወዲያ ማንን ልጠይቅ? የታመመ ልጅ ደብቀው ያስታምማሉ፤ ቡዳ እንዳያየው ይሆናል አልኩ።

አባቴ ዓለምሰገድ ላጋር፣ ባቡር ጣቢያው ነበር የሚሠራው፤ የባቡሩን እግሮች ቅባት ይቀባል። ከሥራ ሲመለስ ልብሱ ቅባት ቅባት ይሸታል። እኔ በር ላይ ቆሜ እጠብቀዋለሁ። እሱ ግን ራሴን ዳበስ ያደርገኝና፣ «እስቲ ዳግምን ልየው» ብሎ ወደ ጓዳው ያልፋል። ሲወጣ ሌላ ሰው ነው። ትከሻው ላይ ያወጣኛል፣ ያዜማል፣ ፋናዬን ያሾፍባታል። ደስ ይለኛል። ቆይቶ ደግሞ ዝም ይላል፤ ግድግዳውን ተደግፎ፣ እጁን ጭኑ መሃል ጨምሮ ያለቅሳል። እናቴ አታባብለውም። ፊቷን አዙራ ጠርሙስ ታጥባለች። ልጁ ታሞበት ያለቅሳል ብዬ አዝንለት ነበር። እናቴ ግን ድንጋይ ልብ ያላት መሰለችኝ። እናቴን እንዲህ ማሰቤ ዛሬም ያመኛል።

በዚያ ዓመት የአባቴ ዓይን ቢጫ ሆነ። ሲኒ ሲይዝ ይንቀጠቀጣል። አንድ ቀን የፈረንሳይ ሐኪም ዘንድ ወሰዱትና፣ በማግስቱ እናቴና ፋናዬ ቴምር እየለቀሙ ሲነጋገሩ እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ነበርኩ።

«ምን አለ ሐኪሙ፣ እትዬ?»

«ጉበቱን በልቶታል አለ። ዛሬውኑ ከተወ ይተርፋል። ካልተወ የዘንድሮውን የካምሲን ትኩስ ነፋስ አያልፍም።»

«ዳግም ነው የሚገድለው።»

«እኔ ነኝ እንጂ!» አለች እናቴ። «በገዛ እጄ አውጥቼ፣ በገዛ እጄ አጣርቼ። በሩን ብቆልፍ ቁልፉን ይሰርቃል። ቁልፉን ጡቴ ሥር ብይዝ በሩን ይነቅላል።»

«እንግዲህ ከሁለት አንዱ ነው።»

«አውቃለሁ ከሁለት አንዱ እንደሆነ» አለች እናቴ። «ወይ ዳግም ወይ ዓለምሰገድ።»

ያን ቀን ቴምሮቹን ለወንድሜ አልገፋሁለትም። ከአልጋ የማይነሳ ልጅ ትልቅ ሰው እንዴት ይገድላል? ሳስበው ሳስበው መጣልኝ፤ በሽታው ይጋባል ማለት ነው። አባዬ ሲያስታምመው ያዘው። ስለዚህ ማንም ጥፋት የለበትም፤ ብቻ ከሁለቱ አንዱ ቤቱን መልቀቅ አለበት።

ግሪኩ የመጣው በዚያው ሰሞን ነው። ሙሴ ያኒ ይባላል፤ በወደቡ በኩል መጠጥ ቤት አለው። ነጭ ልብስ፣ ነጭ ጫማ፣ ነጭ ባርኔጣ፤ ፊቱ ብቻ ቀይ። ባርኔጣውን እያራገበ በርጩማ ላይ ተቀመጠ።

«ማዳም አበዛሽ፣ ዳግም ለኔ ስጭ» አለ። «የኔ ቤት ጥሩ። ሰፊ። በረዶ ሁልጊዜ አለ። አንቺ ድካም የለም።»

«ዳግም የእናቴ ነው፣ ሙሴ ያኒ።»

«እናት ሞቷል። ባል ደግሞ...» እጁን አወዛወዘ። «ዳግም ከዚህ ቤት ይሂድ። ለአንቺም ጥሩ፣ ለሱም ጥሩ።»

እናቴ መሬት መሬት አየች። ከዚያ፣ «ላስብበት፤ ነገ ይምጡ» አለች።

ወንድሜን ሊሸጡት እንደሆነ ገባኝ። የሰው ልጅ እንደሚሸጥ አውቅ ነበር፤ ተረት አልነበረም። ፋናዬ ራሷ በልጅነቷ ተሸጣ ከታጁራ ማዶ ጀልባ ላይ ተጭና ነበር፤ የፈረንሳይ የጦር ጀልባ ደርሶ ባይመልሳቸው ኖሮ ዓረብ አገር ቀርታ ነበር። ጠጉሬን ስትሠራኝ ትነግረኛለች። «እኔንም ጥሩ ቤት አለ ብለው ነው የወሰዱኝ» ትላለች ሁልጊዜ። ሙሴ ያኒም ጥሩ ቤት አለኝ አለ። የሚሸጠው አረቄ የማውጣቱ ሥራ፣ ጓዳውና የዘቢደር ስም እንደነበረ፣ እናቴም ከዚያ ወዲያ ጋን ላትጥድ መማል እንደነበረባት ማን ይንገረኝ?

በማግስቱ ከቤት ጠፋሁ። ወደ ላጋር ብቻዬን ሄጄ አላውቅም፤ ሐዲዱን ይዞ የሄደ ግን አይጠፋም። የጨው ሜዳው ከግራዬ ያበራል። ከሩቅ ባሕር ይሁን አየር የማይለይ ነገር ይንቀጠቀጣል፤ መርከቦቹ ውኃውን ትተው ሰማይ ላይ የቆሙ ይመስላሉ። እግሬ ሥር ሐዲዱ በሙቀቱ ቲክ ቲክ ይላል። መሬት የረገጥኩ አይመስለኝም ነበር።

አባቴን ከአንድ ፉርጎ ጥላ ሥር፣ የቅባት ቆርቆሮውን ይዞ ተቀምጦ አገኘሁት።

«ምትኬ! ማን ይዞሽ መጣ?»

«ማንም።»

«እናትሽ ምን ሆነች?»

«እማዬ ዳግምን ለግሪኩ ልትሸጠው ነው።»

ቆርቆሮውን አስቀመጠ። ሌሎቹ ሠራተኞች እንዳልሰሙ ዞር ብሎ አየ። «ትሽጠው» አለ ቀስ ብሎ። «ይሻላል።»

እንዴት እንደከፋኝ! አባዬ ያስጥለዋል ብዬ ነበር ያን ሁሉ መንገድ የመጣሁት።

«አትወደውም እንዴ?»

«ማንን?»

«ዳግምን። ከሥራ ስትመጣ መጀመሪያ እሱ ጋ ነው የምትገባው። ከእኔ ይልቅ እሱን ትወዳለህ። ግድ የለም፣ ስለታመመ ነው። እኔ አልቀናም።»

አባቴ አጠገቡ ሊያስቀምጠኝ እጄን ሳበ።

«እሱን አትሽጡት አባዬ» አልኩት። «ግሪኩ ልጅ ከፈለገ እኔን ስጡት። እኔ ጤነኛ ነኝ። በረዶ አያስፈልገኝም።»

«ልጅ?» አለ። «አንቺ... ዳግም ማን መሰለሽ?»

«ወንድሜ ነዋ።»

ሊስቅ ነበር። ሳቁ ከጉሮሮው ተነስቶ ግማሽ መንገድ ላይ ሌላ ነገር ሆነበት። አንድ ባቡር ወደ ወደቡ እየተጎተተ አለፈ።

«ወንድም ነበረሽ» አለ በመጨረሻ። «ዳግም አይባልም ግን። ደሳለኝ ነው ስሙ።»

«ደሳለኝ» አልኩ እኔም። ከዳግም ያምራል።

«ካምሲን ይነፍስ ነበር ያን ሰሞን። ትኩሳት ያዘው። ውኃ ብናፈስበት፣ ብናፈስበት አልበርድለት አለ። ውኃው ራሱ ይሞቅ ነበር።»

«አውቃለሁ» አልኩት ላጽናናው ብዬ። «አሁን ግን በረዶ ያመጡለታል እኮ። ባሺር ያመጣለታል።»

አባቴ በዚያ በቅባታም እጁ ፊቱን ሸፈነ። ሲያነሳው ፊቱ ጠቁሮ እንባው መንገድ ሠርቶበት ነበር።

ነበረሽ ማለቱን ጆሮዬ አልያዘውም። ወንድምሽ ስሙ ሌላ ነው ያለኝ መሰለኝ እንጂ፣ የለም ማለቱ አልገባኝም። ስሜ ምትኬ መሆኑም አንድ ቀን አስገርሞኝ አያውቅም። ምትኬ የተባለ ልጅ ከፊቱ የሄደ ሰው እንዳለው ማንም ያውቃል፤ ልጅ ግን የገዛ ስሙን አይተረጉምም፣ ሲጠሩት ይሮጣል እንጂ። አባቴ ያን ልጅ ቀብሮ በመጣ ቀን ነበር ጓዳው ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ የገባው። እንግዲህ በአንድ ነገር አልተሳሳትኩም፤ ያ ግድግዳ ተደግፎ የሚያለቅሰው በእርግጥ ለልጁ ነበር።

ሥራውን ትቶ እጄን ይዞ ወደ ቤት አመጣኝ። ስንገባ ሙሴ ያኒ በርጩማው ላይ ተቀምጧል። እናቴ የጓዳውን ቁልፍ ይዛ ከፊቱ ቆማለች። ፋናዬ ራቅ ብላ ነጠላዋን ትነክሳለች። የአባቴን እጅ አስለቅቄ ሮጥኩና ጓዳውን በጡጫዬ ደበደብኩት።

«ደሳለኝ! ደሳለኝ፣ ውጣ! አባዬ መጥቷል፣ አትሸጥም!»

ቁልፉ ከእናቴ እጅ ወደቀ።

ስሙ በዚያ ግቢ ውስጥ እኔ ከመወለዴ በፊት ጀምሮ ተጠርቶ አያውቅም ነበር። ፋናዬ አማተበች። ግሪኩ ባርኔጣውን ማራገብ ትቶ አንዴ እኔን አንዴ እናቴን ያያል። እናቴ ወደ አባቴ ዞረች።

«ነገርካት?»

«ዳግም ወንድሟ መስሏት ነው የኖረችው» አለ አባቴ። «ይህን ሁሉ ጊዜ። ልትሸጪው ነው ብላ፣ በሱ ፈንታ እኔን ሽጡኝ ልትለኝ ላጋር ድረስ መጣች።»

እናቴ ጎንበስ ብላ ቁልፉን አነሳች።

«እንጨርስ፣ ማዳም?» አለ ሙሴ ያኒ።

«የሚሸጥ የለም።»

«ሽጪው አበዛሽ» አለ አባቴ። «እግዜር ያክብርሽ። ከዚህ ቤት ይውጣልኝ።»

«ወጥቶ የት ሊሄድ? ሙሴ ያኒ ቤት? ዛሬ ከጓዳዬ ሰርቀህ የምትጠጣውን ነገ እዚያ ሄደህ ልትገዛው?»

«በከተማው ሌላ አረቄ ሞልቶ የለም ወይ?» አለ አባቴ፤ እውነቱን ነበር።

«ሞልቷል። የኔ እጅ ግን የለበትም።»

በሩን ወለል አድርጋ ከፈተችው። ከሷ ቀድሜ ገባሁ። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ነው። ውስጡ ሞቃትና ጨለምለም ያለ ነው፤ ሽታው ራስ ያዞራል። እርጥብ ጆንያ የለበሰ ማሰሮ፣ ረጅም መቃ፣ ከኔ ቁመት የሚበልጥ ጥቁር ጋን። አልጋ አልነበረም። ከጋኑ ጀርባ አየሁ። ከጆንያው ሥር አየሁ።

«የት ሄደ?»

«ውጪ ልጄ» አለች እናቴ። ዘነዘና ይዛለች።

የጋን መሰበር የሚያስተጋባ መስሎኝ ነበር። ድፍን ያለ ድምፅ ነው። መጀመሪያ ማሰሮው፣ ከዚያ መቃው፣ ከዚያ በረሃውን በሰው ትከሻ የተሻገረው የዘቢደር ጋን። «ኧረ እትዬ! ኧረ የእማማ ዘቢደርን!» እያለች ፋናዬ ታለቅሳለች። ድፍድፉ ከነአረቄው ደፉን ተሻግሮ ወደ ግቢው ፈሰሰ። ሙሴ ያኒ ነጭ ጫማውን እያነሳ እየጣለ፣ በሦስት ቋንቋ እየተሳደበ ወጣ። ዶሮዎቻችን ተሯሩጠው አተላው ላይ ሰፈሩና ወዲያው እግር በእግር ይጠላለፉ ጀመር። የሐምዲያ ፍየልም በአጥሩ ቀዳዳ ገብታ ቀመሰች። ሐምዲያ ጡር ፈርታ መጥታ ስትጎትታት፣ ፍየሏ አልሄድ ብላ ስትደገፍባት፣ ፋናዬ በለቅሶዋ መሃል ሳቀች። አባቴ መሃል ግቢ ቆሟል። ዳግም በጫማው ዙሪያ ያልፋል። ጎንበስ ሊል ያለ መሰለኝ፤ ምናልባት ብርሃኑ ይሆናል። አላለም።

እናቴ ወጥታ ደፉ ላይ ተቀመጠች። ላብ በላብ ሆናለች።

«የእናትሽን ጋን...» አለ አባቴ።

«የእናቴን ነገር እኔ አውቃለሁ። ያንተን ደግሞ አንተ እወቅ።»

ከዚያ በኋላ የሆነውን ልንገራችሁ፤ ተረት አይደለምና ሁሉም አልተቃናም። ስሟ ከወደቡ እስከ ድሬዳዋ ይታወቅ የነበረው የዘቢደር ልጅ፣ ፈረንጆቹ ወደሚኖሩበት ፕላቶ ዱ ሰርፓን ወጥታ የፈረንሳይ ሹም አንሶላ ስታጥብ ኖረች። ለግሪኩ ሸጣው ቢሆን ኖሮ ይህ አይደርስባትም ነበር። አባቴም ሁልጊዜ አልቻለም። ሙሴ ያኒ ቤት የተገኘባቸው ቀኖች ነበሩ፤ እናቴ ሄዳ፣ ሳትጮህ፣ ክንዱን ይዛ ታመጣዋለች። ግን ያን ካምሲን አለፈው። የሚቀጥለውንም አለፈው። ድሬዳዋ እስኪድረኝ ድረስ ኖረ። የዘቢደር ዳግም ግን ከዚያ ቀን ወዲያ አልወጣም። ቀምሰነዋል የሚሉ ሽማግሌዎች እንዲያ ያለ መጠጥ ዳግመኛ አልታየም ይላሉ፤ ሽማግሌ የማይለው የለም።

ያን ዕለት ግን እኔ ይህን ሁሉ አላውቅም። አባቴ ሄዶ ከእናቴ ጎን ደፉ ላይ ተቀመጠ። ግቢው እርጥብ ነው፤ ከመሬት የሚነሳው ትንፋሽ ሁሉንም ሰው እንቅልፍ እንቅልፍ አሰኝቶታል። ሁለቱ ስለ ደሳለኝ ማውራት ጀመሩ።

«የባቡር ፉጨት ይፈራ ነበር» አለች እናቴ።

«ኧረ አይፈራም! ሲሰማ ወደሱ ነበር የሚሮጠው።»

«አንተ ትከሻ ላይ ሲሆን ነዋ። እኔ ጋ ሲሆን ቀሚሴ ሥር ነው የሚገባው።»

«ፊደል ሳይቆጥር በሶማሊኛ ይሳደብ ነበር።»

«ማን አስተማረው? አንተ!»

ተሳሳቁ። እናቴና አባቴ አብረው ሲስቁ ያን ቀን ነው ያየሁት። አንዱ የረሳውን ሌላው ያስታውሳል፤ አንዱ ያለውን ሌላው ያርማል። እኔ መሃላቸው ገብቼ አንዴ ወደዚህ አንዴ ወደዚያ አያለሁ። ይህን ልጅ እጅግ ወደድኩት። ለእንግዳ የምንሰጠውን ትራስ እሰጠዋለሁ፣ ሐምዲያን አሳየዋለሁ፣ መርከቦቹ ሰማይ ላይ የሚቆሙበትን ቦታ አሳየዋለሁ ስል አሰብኩ።

«ታዲያ መቼ ነው የሚመጣው?» አልኳቸው።

ሳቁ ቆመ። እናቴ አባቴን አየችው። እንዲመልስልኝ የተወችው እሱን ነበር።

«አይመጣም ልጄ» አለ አባቴ። «ደሳለኝ አይመጣም። እኔ ነኝ የምመጣው።»

አንተማ ሁልጊዜ ትመጣለህ ልለው ነበር። ቅር አለኝ እንጂ ደስ አላለኝም፤ እውነቴን ነው። ወንድም ጠብቄ አባት ሰጡኝ።

በማግስቱ እንደ ልማዴ በር ላይ ቆሜ ነበር። አባቴ ከላጋር መጣ። ግቢው ገብቶ ጥቂት እንደተራመደ ጓዳው ፊት ቆም አለ። በሩ ወለል ብሎ ተከፍቷል፤ ውስጡ ስባሪ ብቻ ነው። እናቴ ለሽያጭ የምታጥባቸውን ባዶ ጠርሙሶች ትታ ታየዋለች። ፋናዬም ታየዋለች። እንዲያ ቆሞ ቆየ፤ እኔ በቃ ሊያለቅስ ነው አልኩ። ከዚያ ጀርባውን ለጓዳው ሰጠና ግቢውን በዓይኑ ይፈልግ ጀመር።

«ምትኬ!» ብሎ ጠራ። «ምትኬ የታለች?»